በሰውነት ውስጥ የቀረ ሜሽ፦ የቡአ ቀዶ ሕክምና መረብ ጉዳት ላደረሰበት የአዳማ ታካሚ የካሳ ክስ አዘገጃጀት

ቡአ፣ ሐኪሞች ሄርኒያ የሚሉት፣ የሆድ ግድግዳ በሳሳበት በኩል አንጀት ወይም የሆድ ስብ ተገፍቶ ሲወጣ የሚፈጠር ሕመም ነው። ቀዶ ሐኪሙ ክፍተቱን በክር ብቻ ሊሰፋው ይችላል፤ ወይም ሜሽ የሚባለውን፣ በብዛት ፖሊፕሮፒሊን ከተባለ ፕላስቲክ የሚሠራውን መረብ አድርጎ ያጠናክረዋል። ሜሽ ቡአው ተመልሶ የመምጣቱን ዕድል ስለሚቀንስ በብዙ አገሮች የተለመደ ሕክምና ሆኗል። በአገራችን ግን በዋጋውና በአቅርቦቱ ምክንያት ዛሬም ብዙ ታካሚ ያለ ሜሽ ይሰፋል፤ ሜሽ የታዘዘለትም አንዳንድ ጊዜ ዕቃውን ራሱ ከውጭ ገዝቶ እንዲያመጣ ይነገረዋል። ይህ ለታካሚው ሸክም ቢሆንም ለክስ የሚሰጠው ጥቅም አለ፤ ከታች እመለስበታለሁ።

ይህ ጽሑፍ በአዳማና በአካባቢዋ ሜሽ ተደርጎላቸው ከጊዜ በኋላ ለጉዳት ለተዳረጉና ጉዳቱ ከዕቃው የመጣ ነው ብለው ለሚያስቡ ሰዎች የቀረበ ነው። ጠበቃን አይተካም፤ ጠበቃ ዘንድ ባዶ እጅ ይዞ ከመሄድ ግን ያድናል። በእኔ ግምት እንዲህ ያሉ ክሶች አብዛኛውን ጊዜ የሚወድቁት በሕጉ ጉድለት ሳይሆን ከሳሹ በሆዱ ውስጥ ያለው ሜሽ የትኛው ፋብሪካ የሠራው፣ በየትኛው ባች (የምርት ዙር) የወጣና በማን በኩል የገባ መሆኑን ማሳየት ባለመቻሉ ነው። ስለዚህ የሕጉን አንቀጾች ከማገላበጥ በፊት በማስረጃው ላይ መሥራት ይገባል።

ጉዳቱ ከየት መጣ?

ከሜሽ ጋር ተያይዘው የሚመጡት ጉዳቶች የታወቁ ናቸው። ቁስሉ ከዳነ በኋላም ለወራት የማይለቅ ሕመም፣ በሜሹ ዙሪያ የሚፈጠርና በመድኃኒት አልጠፋ የሚል ኢንፌክሽን፣ ሜሹ ተሸብሽቦ መጨማደዱ ወይም ከተሰፋበት ቦታ መንሸራተቱ፣ ከአንጀት ጋር ተጣብቆ አንጀት መዝጋቱ ወይም መብሳቱ፣ እንዲሁም ቡአው ተመልሶ መምጣቱ ዋና ዋናዎቹ ናቸው። ይሁን እንጂ ከእነዚህ አንዱ ስለደረሰ ብቻ ሜሹ ጉድለት ነበረበት ማለት አይቻልም። የዓለም አቀፍ የቡአ ሕክምና መመሪያዎች ከብሽሽት ቡአ ቀዶ ሕክምና በኋላ ሥር የሰደደ ሕመም ከ10 እስከ 12 በመቶ በሚሆኑ ታካሚዎች ላይ እንደሚታይ ይገልጻሉ፤ ከእነዚህም ውስጥ ዕቃው እንከን የለሽ የሆነባቸው ብዙዎች ናቸው።

ስለዚህ አስቀድሞ ሦስት ምንጮችን መለየት ያስፈልጋል። ጉዳቱ ከታካሚው አካል ሊመጣ ይችላል፤ የስኳር ሕመም፣ ሲጋራ ማጨስ፣ ከመጠን ያለፈ ውፍረትና ከቀዶ ሕክምናው በኋላ ቶሎ ወደ ከባድ ሥራ መመለስ የቁስል ኢንፌክሽን ወይም የቡአ መመለስ ዕድልን ይጨምራሉ። ከቀዶ ሐኪሙ ወይም ከሆስፒታሉ አሠራርም ሊመጣ ይችላል፤ ነርቭ ከስፌት ጋር አብሮ ከታሰረ፣ መጠኑ ያነሰ ሜሽ ከተደረገ፣ ወይም መከላከያ ሽፋን የሌለው ተራ ፖሊፕሮፒሊን በቀጥታ አንጀት ላይ እንዲያርፍ ከተደረገ ጥፋቱ የፋብሪካው አይደለም። ሦስተኛው የዕቃው ጉድለት ነው፤ እርሱም በአነዳደፉ፣ በአመራረቱ ወይም ስለ አደጋው የተሰጠው ማስጠንቀቂያ በቂ ባለመሆኑ ሊገለጥ ይችላል።

ሜሹ ርካሽ ስለነበረ ነው የሚለው ክርክር ደግሞ ብቻውን አያዋጣም። በምሥራቅ ኡጋንዳ በ302 ወንዶች ላይ ተደርጎ እ.ኤ.አ. በ2016 በታተመ ጥናት፣ በሚገባ ከጀርም ጸድቶ የተዘጋጀ የወባ አጎበር ጨርቅ ውድ ከሆነው የፋብሪካ ሜሽ ጋር ተወዳድሮ በአንድ ዓመት ክትትል ተቀራራቢ ውጤት አሳይቷል። ተከራካሪው ወገን ይህን ጥናት ይዞ ቢቀርብ ከሳሽ ሊደነግጥ አይገባውም፤ የእርሱ ክርክር ዋጋውን ሳይሆን የተወሰነውን ዕቃ የተወሰነ ጉድለት የሚመለከት መሆን አለበት።

የተወሰነ ጉድለት ምን እንደሚመስል ከአሜሪካ ፍርድ ቤቶች መዛግብት መረዳት ይቻላል። ኩገል ፓች የተባለው የባርድ ኩባንያ ምርት፣ ሜሹ በሆድ ውስጥ እንዲዘረጋ የሚያደርገው የፕላስቲክ ቀለበት ሊሰበር እንደሚችል በመታወቁ እ.ኤ.አ. ከ2005 መጨረሻ ጀምሮ በየደረጃው ከገበያ ተሰብስቧል፤ ኩባንያው በ2011 ወደ 2,600 የሚጠጉ አቤቱታዎችን በ184 ሚሊዮን ዶላር ለመጨረስ ተስማምቷል። ኤቲኮን የተባለው ሌላ አምራች ኩባንያ ደግሞ ፊዚዮሜሽ የተባለውን ምርቱን በ2016 ከገበያ ያወጣው፣ በጀርመንና በዴንማርክ የቡአ ታካሚዎች መዝገቦች ውስጥ ቡአው የተመለሰባቸውና እንደገና የተቀደዱት ቁጥር ከሌሎች ሜሾች ጋር ሲነጻጸር ከፍ ብሎ በመገኘቱ ነው። ከሁለቱ የምንማረው፣ ጉድለት የሚረጋገጠው በአንድ ሰው ሥቃይ ሳይሆን የዚያ ሰው ሥቃይ ስለ ዕቃው አስቀድሞ ከሚታወቀው ነገር ጋር ሲገጣጠም መሆኑን ነው።

ሜሹን በስሙና በቁጥሩ ማወቅ

እያንዳንዱ የታሸገ ሜሽ በሣጥኑ ላይ የአምራቹን ስም፣ የሞዴሉን ቁጥር፣ ፋርማሲስቶች የባች ቁጥር የሚሉትንና የአገልግሎት ማብቂያ ቀኑን ይይዛል። በብዙ ምርቶች ሣጥን ውስጥ ተላጥተው የሚለጠፉ ትናንሽ መለያ ወረቀቶችም አሉ፤ እነዚህ የተዘጋጁት አንዱ በታካሚው ካርድ ላይ እንዲለጠፍ ነው። ሥራው በሥርዓት በሚሠራበት የቀዶ ሕክምና ክፍል መለያው በቀዶ ሕክምናው ማስታወሻ ገጽ ላይ ይለጠፋል። ሌላ ቦታ ግን ከሣጥኑ ጋር ቆሻሻ መጣያ ውስጥ ይገባል፤ ማስታወሻውም «ሜሽ ተደርጓል» ከሚል አንድ መስመር አያልፍም።

ስለዚህ የመጀመሪያው ሥራ ወደ ካርድ ክፍል መሄድ ነው። የሚጠየቀው የተረጋገጠ ቅጂ ሲሆን፣ የሚያስፈልጉት ወረቀቶችም የቀዶ ሕክምና ማስታወሻው፣ የማደንዘዣ መዝገቡ፣ ከቀዶ ሕክምናው በፊት የፈረሙበት የስምምነት ቅጽ፣ የመውጫ ማጠቃለያው፣ ከዚያ በኋላ የተመላለሱባቸው የክትትል ገጾች፣ እንዲሁም የአልትራሳውንድና የሲቲ ስካን ውጤቶች ናቸው። ጥያቄውን በጽሑፍ ያቅርቡ፤ ቅጂው ላይ መዝገብ ቤት የገቢ ማኅተም እንዲያደርግበት ያድርጉ። ለጊዜው ምክንያቱን በሰፊው ማተት አያስፈልግም፤ ለቀጣይ ሕክምና እፈልገዋለሁ ማለት እውነትም በቂም ነው። ቅጂው ቢከለከል ፍርድ ቤት ማስረጃውን እንዲያስቀርብ በክሱ ላይ ማመልከት ይቻላል፤ በገቢ ማኅተም የተያዘው ጥያቄ ያን ጊዜ ይረዳል።

ካርዱ ምንም ካልያዘ የአቅርቦቱን መንገድ ወደኋላ መከተል ነው። ሜሹን ራስዎ ወይም ቤተሰብዎ ከፋርማሲ ወይም ከሕክምና ዕቃ መደብር ገዝታችሁት ከሆነ፣ ደረሰኙና የሐኪሙ ማዘዣ ከሁሉ የሚበልጥ ማስረጃ ነው። ቀደም ብዬ የጠቀስኩት ጥቅም ይህ ነው፤ ሻጩ ይታወቃል፣ ሻጩ ደግሞ ከየትኛው አስመጪ እንደገዛ ከራሱ የግዢ ሰነድ ማሳየት ይችላል። ያለ ደረሰኝ የተገዛ ከሆነ ዕቃውን ይዞ ወደ ሆስፒታል የሄደው የቤተሰብ አባል ምስክር ሊሆን ይችላል፤ ሆኖም ስለ ባች ቁጥሩ መመስከር ስለማይችል ክሱ በዚያ በኩል ይሳሳል። ሜሹን ያቀረበው ራሱ የመንግሥት ሆስፒታል ከሆነ ደግሞ የሆስፒታሉ ፋርማሲና ግምጃ ቤት የወጪ መዝገብ፣ ከዚያም አልፎ በአዳማ ቅርንጫፍ ያለው የኢትዮጵያ መድኃኒት አቅራቢ አገልግሎት የሥርጭት ሰነድ ሊጠየቅ ይገባል።

የአገልግሎት ማብቂያ ቀኑን ሲያነቡ የዘመን አቆጣጠሩን ይጠንቀቁ። በሣጥኑ ላይ ያለው ቀን በአውሮፓውያን አቆጣጠር ነው፤ የካርዱ ቀን ግን በአንዱ ገጽ በኢትዮጵያ፣ በሌላው በአውሮፓውያን ሊሆን ይችላል። ሣጥኑ ሰኔ 2024 ያበቃል የሚል ከሆነና ቀዶ ሕክምናው የተደረገው ሐምሌ 2017 ዓ.ም. ከሆነ፣ 2024 ከ2017 ስለሚበልጥ ገና ሰባት ዓመት ቀርቶት ነበር ብሎ የሚያልፍ ሰው ይኖራል፤ ሐምሌ 2017 ግን በእነርሱ 2025 በመሆኑ ዕቃው በሰውነት ውስጥ የገባው ጊዜው ካለፈበት ከዓመት በላይ ቆይቶ ነው። ያን ጊዜ ጉዳዩ ከፋብሪካው ወደ ሻጩና ወደ ሆስፒታሉ ይዞራል።

ሜሹ የሚወጣ ከሆነ

ሜሹ በሁለተኛ ቀዶ ሕክምና እንዲወጣ ከተወሰነ፣ የሚወጣው ቁራጭ በክሱ ውስጥ ከማንኛውም ምስክር የበለጠ ይናገራል። ችግሩ፣ ካልተነገረ በቀር እንደ ሌላው የቀዶ ሕክምና ተረፈ ምርት የሚቃጠል መሆኑ ነው። ስለዚህ ከቀዶ ሕክምናው ቀን በፊት ለሐኪሙና ለሆስፒታሉ አስተዳደር በጽሑፍ አመልክተው፣ የወጣው ሜሽና አብሮት የተቆረጠው ሥጋ ወደ ፓቶሎጂ (የተቆረጠ ሥጋ በቤተ ሙከራ የሚታይበት) ምርመራ እንዲላክ፣ ከምርመራው የተረፈውም ተሰይሞና ታሽጎ እንዲቀመጥ ይጠይቁ። ቀዶ ሐኪሙም ሆድ ሲከፈት ያየውን፣ ይኸውም ሜሹ የት እንደተገኘ፣ ተጨማድዶ ወይም ተቀዶ እንደሆነ፣ ከምን ጋር እንደተጣበቀ፣ በማስታወሻው በዝርዝር እንዲጽፍና ከተቻለ ፎቶግራፍ እንዲያነሳ በትሕትና ይጠይቁት። ቁራጩን ቤት ወስደው በማሰሮ ውስጥ አያስቀምጡ፤ ከማን እጅ ወደ ማን እጅ እንደተላለፈ በፊርማ ያልተያዘ ማስረጃ ተለውጧል ወይም ተበላሽቷል ለሚል ተከራካሪ የተመቸ ነው።

ይህን ሁሉ ሲያደርጉ ሐኪሙን እንደ ጠላት አይዩት። የቀድሞውን ሜሽ ያላደረገ፣ አሁን ግን የሚያወጣው ቀዶ ሐኪም በዚህ ዓይነት ክስ ውስጥ ዋናው ሙያዊ ምስክር እርሱ ነው። በሥራ ባልደረባው ላይ ለመመስከር ሊያመነታ ይችላል፤ ስለ ዕቃው ሁኔታ ለመናገር ግን ብዙም የሚከለክለው የለም።

ሕጉ ምን ይላል?

መነሻው የ1952ቱ የፍትሐ ብሔር ሕግ ነው። አንቀጽ 2085 ዕቃ አምርቶ ለትርፍ ለሕዝብ የሚያቀርብ ሰው፣ ዕቃው በተለመደው አገልግሎቱ ላይ ሳለ በሌላ ሰው ላይ ለሚያደርሰው ጉዳት ኃላፊ እንደሆነ ይደነግጋል። ይህ ያለ ጥፋት የሚመጣ ኃላፊነት ነው፤ ከሳሹ ፋብሪካው ቸልተኛ እንደነበረ ማስረዳት አይጠበቅበትም። ሆኖም በዚሁ አንቀጽ ውስጥ ሁለት በሮች ተከፍተዋል። አንደኛው «የተለመደው አገልግሎት» የሚለው ነው፤ ሜሹ አምራቹ በመመሪያ ወረቀቱ ከከለከለው ቦታ ላይ ተደርጎ ከሆነ ፋብሪካው በዚህ በር ይወጣል። ሁለተኛው፣ ጉዳቱን ያመጣው ጉድለት በልማድ በሚደረግ ምርመራ ሊታወቅ ይችል የነበረ ከሆነ አምራቹ ኃላፊ አይሆንም የሚለው ንዑስ አንቀጽ ነው። የተቀደደ ማሸጊያ ወይም ያለፈ ቀን በዓይን ይታያል፤ በፕላስቲኩ ውስጥ ያለ የአነዳደፍ ጉድለት ግን ቀዶ ሐኪሙ ማሸጊያውን ሲከፍት የሚያየው ስላልሆነ ይህ መከላከያ በሜሽ ጉዳይ እምብዛም የሚሠራ አይመስለኝም።

የአንቀጽ 2085 ትልቁ ችግር የሚናገረው ስለሚያመርት ሰው መሆኑ ነው። አምራቹ በባሕር ማዶ ያለ፣ እዚህ ቢሮም ንብረትም የሌለው ኩባንያ ሲሆን በእርሱ ላይ የተገኘ ፍርድ ማስፈጸሚያ የሌለው ወረቀት ሆኖ ሊቀር ይችላል። በዚህ ምክንያት የንግድ ውድድርና የሸማቾች ጥበቃ አዋጅ ቁጥር 813/2006 ይበልጥ ይጠቅማል፤ በአንቀጽ 14 ላይ ሸማቹ ለደረሰበት ጉዳት ከአምራቹ፣ ከአስመጪው፣ ከጅምላ ሻጩና ከችርቻሮ ሻጩ በተናጠል ወይም በአንድነት ካሳ የመጠየቅ መብት ይሰጠዋል። በፍርድ አፈጻጸም ጊዜ የሚያዋጣው አስመጪው ነው፤ ፈቃድ አለው፣ አድራሻ አለው፣ የባንክ ሂሳብ አለው። ጠበቃዎ አዋጁ ክሱ በሚቀርብበት ቀን ያለበትን ሁኔታ ያረጋግጥ፤ አዋጁን ያስፈጽም የነበረው ባለሥልጣን ፈርሶ ሥራው ወደ ንግድና ቀጣናዊ ትስስር ሚኒስቴር መተላለፉንም ያስታውሱ።

የሆስፒታሉና የሐኪሙ ኃላፊነት የሚታየው በሌላ መስመር ነው። የፍትሐ ብሔር ሕጉ ከአንቀጽ 2639 ጀምሮ ስለ ሕክምና ውል ይደነግጋል፤ በአንቀጽ 2651 መሠረትም የሕክምና ተቋም በቀጠራቸው ሐኪሞችና ረዳቶቻቸው ጥፋት ታካሚው ላይ ለሚደርስ ጉዳት በፍትሐ ብሔር ይጠየቃል። የመንግሥት ሠራተኛ በሥራው ላይ ላጠፋው መንግሥት የሚጠየቅበትን ሁኔታ ደግሞ አንቀጽ 2126 ይዟል። እዚህ ላይ ግን ጥፋት መረጋገጥ አለበት። ብዙ ከሳሾች ሁሉንም በአንድ ክስ ይከሳሉ፤ ይህ የተከለከለ ባይሆንም ሆስፒታሉ ጥፋቱን ወደ ሜሹ፣ አስመጪው ወደ ቀዶ ሐኪሙ ሲገፋፉ ከሳሹ በመሐል እንዳይቀር፣ የክስ ማመልከቻው በእያንዳንዱ ተከሳሽ ላይ የሚቀርበውን ምክንያት ለየብቻ መዘርዘር ይኖርበታል።

ሁለት ዓመት

ከሁሉም በላይ የሚያስፈራው ይርጋ፣ ማለትም የመክሰሻ ጊዜ ማለፍ ነው። በአንቀጽ 2143 መሠረት ከውል ውጭ በሚደርስ ኃላፊነት የሚጠየቅ ካሳ፣ ካሳ የሚጠየቅበት ጉዳት ከደረሰበት ጊዜ አንሥቶ በሁለት ዓመት ውስጥ መቅረብ አለበት። ሜሽ ደግሞ ጉዳቱን ከሦስትና ከአራት ዓመት በኋላ ሊያሳይ የሚችል ዕቃ ነው። ተከሳሹ ዘመኑ መቆጠር ያለበት ከቀዶ ሕክምናው ቀን ጀምሮ ነው ይላል፤ ከሳሹ ጉዳቱ የደረሰው አንጀቱ በተዘጋበት ወይም መግሉ በወጣበት ቀን ነው ይላል። የሕጉ ቃል ጉዳቱ የደረሰበትን ጊዜ ስለሚጠቅስ የከሳሹ አቋም የተሻለ መሠረት ያለው ይመስለኛል፤ ነገር ግን በዚህ ተማምኖ መዘግየት አደገኛ ነው፤ ምክንያቱም በመጀመሪያው ዓመት በክትትል ገጽ ላይ የተጻፈች «ሕመም አለው» የምትል አንዲት መስመር ዘመኑን ወደኋላ ልትጎትተው ትችላለች። በሆስፒታሉ ላይ በውል የሚቀርበው ክስ በአንቀጽ 1845 የአሥር ዓመት ይርጋ ሊገዛ እንደሚችል የሚከራከሩ ባለሙያዎች አሉ፤ ይህም ቢሆን በዕቃው አቅራቢ ላይ የሚቀርበውን ክስ አያድንም።

ለሆስፒታሉ ቅሬታ ማቅረብ፣ ለጤና ባለሙያዎች ሥነ ምግባር ኮሚቴ ማመልከት፣ ከአስመጪው ጋር በሽማግሌ መነጋገር መልካም ነው፤ ይርጋን ያቋርጣል ብሎ ማመን ግን አይገባም። ሽማግሌ የያዘው ነገር እስከ መቼ ማለቅ እንዳለበት ቀን ቆርጠው ይስጡ፤ በዚያ ቀን ካላለቀ መዝገብ ያስከፍቱ። በሁለቱ የዘመን አቆጣጠሮች መካከል የሚፈጠረው ስሕተት እዚህም እንዳይደገም የእያንዳንዱን ሰነድ ቀን በኢትዮጵያ አቆጣጠር ወደ አንድ ሠንጠረዥ ያዙሩት።

ካሳውን ማስላት

የአዳማ የቡአ ታካሚ ብዙ ጊዜ በጉልበቱ የሚያድር ሰው ነው፤ ጫኝና አውራጅ፣ የጅቡቲ መንገድ የጭነት መኪና ሾፌር፣ የግንባታ ሠራተኛ። የእነዚህን ገቢ የሚያሳይ የደመወዝ ወረቀት የለም። ይሁንና የጫኝና አውራጅ ማኅበር የአባልነትና የክፍያ መዝገብ፣ የመኪናው ባለንብረት የሚሰጠው የአበልና የደመወዝ ማስረጃ፣ የባንክ ደብተር እንቅስቃሴ፣ አብረው የሠሩ ሰዎች ምስክርነት ተደምረው ገቢን ያሳያሉ። ለሕክምና፣ ለመድኃኒት፣ ወደ አዲስ አበባ ለተመላለሱበት ትራንስፖርትና ለአስታማሚ የወጣው ወጪ በደረሰኝ ይያያዝ። የመሥራት አቅም በመቶኛ ምን ያህል እንደቀነሰ ደግሞ የሐኪሞች ቦርድ በማስረጃ ሊገልጸው ይገባል።

ወደፊት መድረሱ የተረጋገጠ ጉዳትም፣ ለምሳሌ ሜሹን ለማውጣት የሚያስፈልገው ሁለተኛ ቀዶ ሕክምና፣ እስኪደርስ ሳይጠበቅ ሊጠየቅ እንደሚችል አንቀጽ 2092 ይፈቅዳል። የጉዳቱ መጠን በትክክል ሊሰላ ያልቻለ እንደሆነም ፍርድ ቤቱ በርትዕ፣ ማለትም ፍትሐዊ መስሎ በታየው ግምት፣ እንዲወስን አንቀጽ 2102 ሥልጣን ይሰጠዋል፤ ስለዚህ ደረሰኝ ያልተገኘለትን ወጪ ከክሱ አያውጡት። ስለ ሥቃይና ስለ ሕሊና ጉዳት የሚጠየቀው ግን በአንቀጽ 2116 ከ1,000 ብር እንዳይበልጥ ተገድቧል። በ1952 ዓ.ም. 1,000 ብር የሚያወሳ ገንዘብ ነበር፤ ዛሬ ለአንድ የአልትራሳውንድ ምርመራ እንኳ መብቃቱ ያጠራጥራል። ስለዚህ የክሱ ክብደት በቁሳዊ ጉዳቱ ላይ ይሁን።

የት፣ በምን ቋንቋ?

በአካል ላይ ለደረሰ ጉዳት የሚቀርብ የካሳ ክስ ጉዳቱ በደረሰበት ወይም ተከሳሹ በሚኖርበት ወይም በሚሠራበት ቦታ ባለ ፍርድ ቤት ሊቀርብ ይችላል። አስመጪው በአብዛኛው አዲስ አበባ ያለ፣ አምራቹም የውጭ ኩባንያ ስለሚሆን ጉዳዩ የፌዴራል ሥልጣን ሊሆን ይችላል፤ በሕገ መንግሥቱ አንቀጽ 80 መሠረት ግን የክልል ከፍተኛና ጠቅላይ ፍርድ ቤቶች የፌዴራል መጀመሪያ ደረጃና ከፍተኛ ፍርድ ቤቶችን ሥልጣን በውክልና ይሠራሉ። ክሱ አዳማ ላይ ቢቀርብ ለታካሚውና ለምስክር ሐኪሞች ይቀርባል፤ የሥራ ቋንቋው አፋን ኦሮሞ ስለሆነ ማመልከቻውንና በአማርኛ የተጻፉ ሰነዶችን ለማስተርጎም ጊዜና ገንዘብ መመደብ ያስፈልጋል። አዲስ አበባ ላይ ከቀረበ በአማርኛ ይካሄዳል፤ ለአፈጻጸምም ለአስመጪው ንብረት ይቀርባል፤ በየቀጠሮው መመላለሱ ግን ለታመመ ሰው ቀላል አይደለም። ምስክሮችዎ እዚሁ አዳማ ከሆኑ አዳማን እመርጣለሁ።

ተራ የብድር ክስ በፍርድ ቤት በር ላይ ያሉ ራፖር ጸሐፊዎች አሳምረው ይጽፉታል፤ ይህ ግን የእነርሱ ሥራ አይደለም። የዳኝነት ክፍያው በሚጠየቀው ገንዘብ መጠን ላይ ስለሚመሠረት መክፈል ያቃተው ሰው ከፍትሐ ብሔር ሥነ ሥርዓት ሕጉ አንቀጽ 467 ጀምሮ ባሉት ድንጋጌዎች መሠረት በነፃ ለመክሰስ እንዲፈቀድለት ማመልከት ይችላል። ነፃ የሕግ ድጋፍም ከፍትሕ ተቋማትና የሕግ ትምህርት ክፍል ካላቸው ዩኒቨርሲቲዎች ይጠየቃል።

ለባለሥልጣኑ ማሳወቅ

በምግብና መድኃኒት አስተዳደር አዋጅ ቁጥር 1112/2011 መሠረት የሕክምና መሣሪያዎችን የሚመዘግበውና የሚቆጣጠረው የኢትዮጵያ ምግብና መድኃኒት ባለሥልጣን ነው። በነፃ የስልክ መስመሩ 8482 ማሳወቅ ይቻላል። የሜሹን ስምና ባች ይዘው ሲያመለክቱ፣ ዕቃው የተመዘገበ መሆኑንና ያስገባው ማን እንደሆነ በጽሑፍ እንዲገለጽልዎ አብረው ይጠይቁ። ያልተመዘገበ ሜሽ ሆኖ ከተገኘ የክሱ መልክ በእጅጉ ይለወጣል። የአሜሪካ ምግብና መድኃኒት አስተዳደርም ከሕክምና መሣሪያዎች ጋር የተያያዙ የጉዳት ሪፖርቶችንና ከገበያ የተሰበሰቡ ምርቶችን ዝርዝር ለሁሉም ክፍት አድርጎ ስለያዘ፣ የእርስዎ ሞዴል እዚያ መኖሩን ጠበቃዎ ይመልከት። አንድ ሪፖርት ብቻውን ጉድለትን አያረጋግጥም፤ ተመሳሳይ አቤቱታዎች ሲበዙ ግን ለሙያ ምስክሩ መነሻ ይሰጡታል።

ሜሹ የተደረገው በአሜሪካ ከሆነ

አዳማ ውስጥ ከአሜሪካ የተመለሱ ሰዎች ጥቂት አይደሉም፤ ከእነርሱም ሜሽ ተደርጎላቸው የመጡ አሉ። ለእነዚህ የሚሠራው ቀዶ ሕክምናው የተደረገበት ወይም የሚኖሩበት የነበረው ግዛት ሕግ ነው፤ የክስ ማቅረቢያ ጊዜውም ከግዛት ግዛት ይለያያል፤ በቴነሲ አንድ ዓመት፣ በካሊፎርኒያ ሁለት፣ በኒውዮርክ ሦስት ዓመት ነው። በኦሃዮ ኮሎምበስ በሚገኘው የፌዴራል ፍርድ ቤት በባርድ ኩባንያ ሜሾች ላይ የተሰበሰቡት ክሶች ወደ 38,000 ደርሰው ኩባንያው በጥቅምት 2024 እ.ኤ.አ. ለመስማማት መቻሉን አስታውቋል። ከስምምነቱ በፊት ለሙከራ ከታዩት መዝገቦች የመጀመሪያው በ2021 በኩባንያው አሸናፊነት ሲያልቅ፣ ሁለተኛው በ2022 ለከሳሹ 255,000 ዶላር፣ ሦስተኛው በ2023 500,000 ዶላር አስፈርዷል። በአንድ ፍርድ ቤት፣ በአንድ ኩባንያ ምርቶች ላይ ውጤቱ ይህን ያህል ከተራራቀ፣ ለማንም አስቀድሞ ገንዘቡን የሚቆርጥ ሰው ሊታመን አይገባም።

አዳማ ውስጥ ሜሽ የተደረገለት ሰው በዚያ ስምምነት ውስጥ ይገባል ብለው በማኅበራዊ ሚዲያ የሚያስተዋውቁ ደላሎች ቢያጋጥሙ፣ የአሜሪካ ፍርድ ቤቶች ጉዳቱ፣ ሐኪሙና ማስረጃው ሁሉ በውጭ አገር የሆነን ክስ እዚያው አገር ይታይ ብለው ሊመልሱት እንደሚችሉ ይወቁ። በዚያ አገር እንዲህ ያሉ ክሶችን የሚይዙ ጠበቆች በተለምዶ የሚከፈላቸው ከሚገኘው ካሳ ላይ በመቶኛ ተሰልቶ ነው፤ ብዙ ጊዜ ከሲሶ እስከ 40 በመቶ ይደርሳል። ስለዚህ የመመዝገቢያ ነው፣ የፋይል መክፈቻ ነው ብሎ በቅድሚያ ገንዘብ ለሚጠይቅ ሰው የካርድዎን ቅጂም ሆነ የፓስፖርትዎን ገጽ አይላኩ፤ የጠበቃውን ስም ይጠይቁና ፈቃድ በሰጠው ግዛት የጠበቆች መዝገብ ላይ አሜሪካ ያለ ዘመድ እንዲያጣራልዎ ያድርጉ።